ጥፋቱ የእኛ ነው

መስከረም 20 ቀን

ይድረስ ለአጎቴ፣

ጋሼ፣ ይህ ደብዳቤ መነጽርዎ ተገኝቶ፣ የእግርዎ ሕመም ተኝቶልዎት፣ ከእትዬም ጋር ሳትኮራረፉ እንዲያገኝዎት ምኞቴ ነው። ስልክ እንደማይወዱ ስለማውቅ ያው እንደተለመደው ጻፍኩ። «በወረቀት ያልሰፈረ ነገር አልተባለም» ብለው ያሳደጉኝ እርስዎ ነዎት።

እኔ ደኅና ነኝ። በዚህ ወር ለእናቴ ምንም ስላልላክሁላት ይቅርታ። ነሐሴ 12 ቀን ሥራ ላይ እያለሁ ማሽን እጄን ትንሽ ነካ አድርጎኝ ጥቂት ቀን አርፌ ነበር። ጭረት ናት። ለእናቴ ሲያነቡላት ይህችን መስመር ይዝለሏት፤ መዝለል ያውቁበታል።

እዚህ ሰው አገር የምሠራበት ላውንደሪ የሆቴሎች አንሶላ እንደሚያጥብ ነግሬዎታለሁ። የታጠበው አንሶላ በሁለት ትልልቅ ትኩስ በርሜሎች መሃል አልፎ ተተኩሶ ይወጣል። በአንድ በኩል እኔ አስገባለሁ፣ በሌላው በኩል ቆፍጣናዋ ተቀብላ ታጥፋለች። ቆፍጣናዋ የምንላት አብራኝ የምትሠራውን ሴት ነው፤ ለአለቃም ለጎረምሳም የማትመለስ ናት። የዚያን ቀን የአንሶላው ጫፍ ታጠፈብኝ፣ ላቃናው እጄን ሰደድኩ፣ በቃ ይኸው ነው።

ባለቤቲቱ ሐኪም ቤት ድረስ ብርቱካን ይዛ መጥታ ግንባሬን ስማኛለች። ቆፍጣናዋ ግን «ካሳ ጠይቂ» እያለች አላስቀምጥ አላስተኛ ብላኛለች። እኔ የምላት፣ እጄን ያስገባሁት እኔው ነኝ፣ ጥፋተኛ ደግሞ ምን ብሎ ካሳ ይጠይቃል? ሴትዮዋስ ከየት አምጥታ ትከፍለኛለች? ልጆቿን ከትምህርት ቤት ልታስወጣልኝ ነው? እርስዎ ሕግ ያውቃሉ፤ የሚሉኝን እጠብቃለሁ።

የእህትዎ ልጅ፣ ቀለሜ

የንባብ መነጽሩን አልረሳሁም።


ጥቅምት 25 ቀን

ፊደል ላስቆጠርኳት ልጄ ለቀለሜ፣

ጤና ከአንቺ አይለይ፣ ክፉ አይይሽ። እትዬሽ ሰላም ብላሻለች፤ አልተኮራረፍንም፣ ዛሬ። እናትሽም ደኅና ናት፣ ጭረቷን ዘልዬላታለሁ።

አሁን ወደ ነገሬ ልግባ። ይሄ የማን ጽሕፈት ነው?

ፖስታውን ስቀድ ክው ነው ያልኩት! ሠላሳ አንድ ዓመት ፍርድ ቤት ደጃፍ ተቀምጬ ማመልከቻ ስጽፍ የሰካራም ጽሕፈት አይቻለሁ፣ የደንጋጣ ጽሕፈት አይቻለሁ፣ ተደብድቦ የመጣ ሰው ፊርማ አይቻለሁ። ያንቺ ግን ጉድ ነው። «ሀ»ሽ እንደተሰበረ ወንበር ዘምሟል። ከሁሉ የባሰው ደግሞ ቀለሙ! እጅሽ በጻፍሽው ላይ እያለፈ መስመሩን ሁሉ አበላሽቶታል። እንዲህ የሚሆነው በግራ እጅ ሲጻፍ ነው። አንቺን ደግሞ እጅሽን በእጄ ይዤ ያስጻፍኩሽ በቀኝሽ ነው። ጭረት የነካው ሰው በግራው አይጽፍም። እኔን አታታልይኝ፤ እውነቱን ጻፊ።

ስለ ካሳው የጠየቅሽኝን በተመለከተ፣ አንቺ ራስሽ መልሰሽዋል። እጅሽን ራስሽ አስገብተሽ ማንን ትጠይቂያለሽ? ካሳ መጠየቅ ማለት ጠብ መግጠም ነው። ያጎረሰ እጅ ይነከሳል እንዴ? ያቺ ቆፍጣና የምትሏት ሴት ነገር ትወዳለች መሰለኝ፤ ሰምቶ እንዳልሰማ ሁኚባት። ደግሞም መብት የሚሉት ነገር ቀን አይገድበውም። ዛሬ ባይሆን ከአሥር ዓመት በኋላም ይደርሳል፣ የት ይሄዳል?

ዋናው ሴትዮዋን በደግ ነገር መያዝ ነው። እሱን ለእኔ ተይው። የበኩሌን አድርጌአለሁ።

አጎትሽ

መነጽሩ ይቆይ። ስለ እጅሽ ጻፊልኝ።


ታኅሣሥ 2 ቀን

ይድረስ ለአጎቴ፣

ጋሼ፣ ዕድሜ ከጤና ይስጥልኝ። ዋሽቼዎታለሁ፤ ይማሩኝ።

ማሽኑ ቀኝ እጄን እስከ አንጓዬ ድረስ አስገብቶት ነበር። ቆፍጣናዋ ሮጣ ማጥፊያውን ባትመታው ኖሮ ክርኔም አይቀርም ነበር። ከጭኔ ቆዳ ወስደው እጄ ላይ ለጥፈውልኛል። ሌባ ጣቴና የመሃል ጣቴ አይታጠፉም። ቁልፍ መቆለፍ አልችልም፣ ፀጉሬን የምታበጥረኝ ቆፍጣናዋ ናት። ሐኪሙ እንዳለኝ ዓመት ሳይሞላው ሁለተኛ ቀዶ ጥገና ከተደረገልኝ ጣቶቼ ሊታጠፉ ይችላሉ። ዓመቱ ካለፈ ግን እንደ ደረቁ ይቀራሉ። የሚጠይቁት ገንዘብ እኔ በስድስት ዓመት ሠርቼ የማላገኘው ነው።

እንግዲህ አይቆጡኝ፤ ቆፍጣናዋ ጎትታ ጠበቃ ዘንድ ወሰደችኝ። በሩ ላይ «የምከፍልሽ የለኝም» ብዬ ልመለስ ስል፣ ጠበቃዋ «ካልተሳካልን ምንም ገንዘብ አልቀበልሽም፣ ግቢ» አለችኝ። ገባሁ። ከዚያ ወዲያ የሰማሁትን ሁሉ አፌን ይዤ ነው የሰማሁት።

«ጥፋቱ የእኔ ነው» ስላት፣ «ለመሆኑ ማሽኑ መከለያ የለውም?» ብላ ጠየቀችኝ። አለው፤ እጅ እንዳይገባ ከፊት የሚደፋ ብረት ነው። ግን ሥራ ያዘገያል ተብሎ ከተፈታ ሦስት ወር ሆኖት ነበር፤ መጋዘን ከሳሙናው ጀርባ ተቀምጧል። ይህን ስነግራት ብዕሯን አስቀመጠች። «አንቺ ብታጠፊ ጥቂት ነው የምታጠፊው። ያንቺ ጥፋት ካሳውን ይቀንሰዋል እንጂ አያጠፋውም» አለችኝ። ደግሞ የምትከፍለው ሴትዮዋ አይደለችም! ለእንዲህ ያለው ቀን ብላ በየዓመቱ የምትከፍለው ኢንሹራንስ አላት። እኔ ልጆቿ ይራባሉ ብዬ ስንት ሌሊት እንቅልፍ አጥቻለሁ።

ቀኑን በተመለከተም፣ ጋሼ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና ይገድበዋል። ከተጎዳሁበት ዕለት ጀምሮ አንድ ዓመት ብቻ ነው ያለኝ። እርስዎ እንዳሉኝ አሥር ዓመት ብጠብቅ በሩን ዘግተው ነበር የሚጠብቁኝ። ማመልከቻዬን አስገብቻለሁ።

አንድ ያልገባኝ ነገር አለ። ባለቤቲቱ ባለፈው ሳምንት አስጠርታኝ «ቤተሰቦችሽ እኮ ጨዋ ሰዎች ናቸው» አለችኝና ፈገግ አለች። ከዚያ ወዲህ ዓይኔን አታየኝም። ምን ማለቷ ይሆን? እርስዎስ የበኩሌን አድርጌአለሁ ያሉኝ ምኑን ነው?

ቀለሜ


ጥር 4 ቀን

ለቀለሜ፣

እግዚአብሔር ምሕረቱን ያውርድልሽ። እጅሽን ሳስብ ምግብ አልወርድ ብሎኛል። ያንን እጅ እኔ ነኝ ብዕር ያስያዝኩት።

ኢንሹራንስ ያልሽው ነገር እውነት ነው? እርግጠኛ ነሽ? ሴትዮዋ ከራሷ ኪስ ቤሳ አታወጣም? ኧረ ጉድ ነው!

አንድ ሁለት ነገር ልጠይቅሽ። ያቺ ሴትዮ የሚጻፍላትን ደብዳቤ አንብባ ትጥላለች ወይስ ታስቀምጣለች? በማታውቀው ቋንቋ የተጻፈ ቢመጣላትስ ታስተረጉማለች? የኢንሹራንስ ሰዎችስ የሰው ደብዳቤ ያነባሉ? እንዲያው ለማወቅ ያህል ነው።

እትዬሽ ከጎኔ ቆማ «ንገራት እንጂ» ትለኛለች። ምኑን እንደምነግርሽ እንጃ። ነገር ቢበዛ በአህያ አይጫንም።

መነጽር ብለሽ ምንም እንዳትልኪ። ባላይ ይሻለኛል።

አጎትሽ


የካቲት 9 ቀን

ጋሼ፣

ሰላምታውን በሌላ ቀን እጽፈዋለሁ። ዛሬ እጄም አንጀቴም አልታዘዝ ብለውኛል።

ትናንት ከጠበቃዬ ጋር ኢንሹራንሱ ቢሮ ሄድን። ሰውዬው ትሑት ነው፤ ውኃ አቀረበልን። ከዚያ መሳቢያውን ስቦ አንድ ወረቀት አወጣና ጠረጴዛው ላይ ዘረጋው። ገና ከሩቁ አወቅሁት። ክቡን «መ» አየሁት፣ ጅራቱ የተቆለመመውን «ፋ» አየሁት። እኔ ከልጅነቴ ጀምሮ ልመስለው የደከምኩበት ጽሕፈት ነው። በዓለም ላይ እንደዚያ አድርጎ የሚጽፍ አንድ ሰው ነው ያለው!

ትርጉሙን አያይዘውበታል። ሰውዬው ጮክ ብሎ አነበበው። «ክብርት ሆይ፣ ጥፋቱ የእኛ ነው። ልጃችን ከሕፃንነቷ ጀምሮ እጇ አያርፍም፣ ችኩል ናት። ማሽንዎን ሥራ በማስፈታቷ ቤተሰቡ በሙሉ አፍሯል። ካሳ የሚባል ነገር አልጠየቅንም፣ አንጠይቅም፣ ብትጠይቅም አያድምጧት።»

ጠበቃዬ ወደ እኔ ዞራ «ይሄ ማነው?» አለችኝ። ምን ልበላት? «አሳዳጊዬ ነው» አልኳት። በመስኮቱ ዘልዬ ብጠፋ ደስ ባለኝ።

አሁን የሚሉኝ፣ ቤተሰብሽ ጥፋትሽን አምኗል፣ ካሳም ትቷል ነው። መልስ እንድንሰጥ እስከ ሚያዝያ 30 ቀን ጊዜ ሰጥተውናል። ካልሆነ ያው ቀዶ ጥገናው ቀረ ማለት ነው፣ ጣቶቼም እንደ ደረቁ ቀሩ።

ጋሼ፣ ምን አደረግኩዎት? ሳይጠይቁኝ! እጄን እንኳ ሳያዩት! ማሽኑ የወሰደብኝ አንሶ፣ በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ፣ የተረፈውን እርስዎ ይውሰዱብኝ?

ቀለሜ


መጋቢት 11 ቀን

ልጄ ቀለሜ፣

ደብዳቤሽን ቆሜ ጀምሬ መሬት ላይ ተቀምጬ ነው የጨረስኩት። እትዬሽ ውኃ አመጣችልኝ። ከዚያ «እሰይ!» አለችኝ። ይገባኛል።

የመጀመሪያው ደብዳቤሽ በደረሰኝ ዕለት፣ ላንቺ መልስ ሳልጽፍ በፊት፣ ለሴትዮዋ ጻፍኩላት። የላውንደሪው አድራሻ በፖስታሽ ጀርባ ላይ አለ። ከሥራ እንዳታባርርሽ ብዬ ነው። ቀድሞ አንገቱን የደፋ አይመታም ብዬ ነው። እኔ የማውቀው ይሄንኑ ነው፤ ሰው ተበድሎ ሲመጣ ማመልከቻውን «ጥፋቱ የእኛ ነው» ብዬ እጀምርለታለሁ፣ ከዚያ ልመናውን አስከትላለሁ። ባለሥልጣን ሲያነበው ልቡ ይራራል። ሠላሳ አንድ ዓመት የኖርኩት በዚህ ነው። ይህን የምጽፈው ይቅር እንድትይኝ አይደለም፤ እንድታውቂው ነው።

ደብዳቤሽን ይዤ ወደ ጫጩቱ ሄድኩ። ፍርድ ቤቱ ደጃፍ ላይ አዲስ ቢሮ የከፈተ ወጣት ጠበቃ ነው፤ ጢም ሳያወጣ ጠበቃ ሆነ ብዬ ስሙን ያወጣሁለት እኔው ነኝ። ዓይኔን በጨው ታጥቤ ገባሁ። አንብቦ ሲጨርስ ጭንቅላቱን ያዘ። «ጋሼ፣ ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀሙ!» አለኝ። በቦታው አልነበሩም፣ ማሽኑን አላዩትም፣ ልጅቱ አልወከለችዎትም፣ በማን ቃል ነው ጥፋቱን ያመኑት? አለኝ። ሠላሳ አንድ ዓመት ሕግ አውቃለሁ ስል ለካ የማውቀው ልመና ኖሯል። ይህንኑ በመሐላ ይጻፉ አለኝ። ከዚያ ትንሽ አሰብ አደረገና «ለመሆኑ ‹ጥፋቱ የእኛ ነው› ብለው የጻፉት ለእሷ ብቻ ነው?» ብሎ ጠየቀኝ።

የጻፍኩትን ሁሉ በካርቦን ወረቀት ቅጂ እንደማስቀር ታውቂያለሽ። ካርቶኖቹን ከአልጋ ሥር አወጣናቸው። እትዬሽና እኔ ሦስት ቀን ወለል ላይ ተቀምጠን ለየናቸው። «ጥፋቱ የእኛ ነው» ብለው የሚጀምሩ አራት መቶ አሥራ ሁለት ደብዳቤዎች! እትዬሽ መጨረሻ ላይ «ይሄን ሁሉ ጥፋት የሠራነው እኛው ነን እንዴ?» አለችኝ። የውኃ መሥሪያ ቤቱ ቧንቧ ፈንድቶ ቤታችንን ሲያጥለቀልቅ፣ «ቧንቧዎ በሚያልፍበት አጠገብ ቤት ሠርተን በመኖራችን ጥፋቱ የእኛ ነው» ብዬ ጽፌላቸዋለሁ። የጎረቤት ውሻ ለነከሳት መበለት፣ ውሻውን ስላስደነገጠች ይቅርታ ጠይቄላታለሁ።

አርባውን መርጠን ልከንልሻል። መሐላዬ ከላይ አለ። «በእኔ ብዕር ‹ጥፋቱ የእኛ ነው› ማለት ‹ጤና ይስጥልኝ› ማለት እንጂ ሌላ ትርጉም የለውም» ብዬ ፈርሜበታለሁ። ዕድሜ ልኬን የጻፍኩት ቃል ባዶ መሆኑን በገዛ ፊርማዬ አረጋገጥኩ ማለት ነው። ጥቅሉን ወደዚያ የምትጓዝ የሰፈራችን ነርስ በአደራ ይዛልሻለች፤ ከቀኑ በፊት እደርሳለሁ ብላ ምላልኛለች።

ከመካከላቸው አንዱን እኔ ላስገባው አልፈለግሁም። እትዬሽ ናት ግድ ብላ የጨመረችው። ስታይው ምንም አትበይኝ።

አጎትሽ


ግንቦት 3 ቀን

ይድረስ ለአጎቴ፣

ጋሼ፣ ሰላምታዬ ካሉበት ይድረስዎ፤ ለእትዬም፣ ካርቶን ሲያገላብጥ ለከረመው እጇ።

ጥቅሉ ሚያዝያ 28 ቀን ደረሰኝ፣ ሁለት ቀን ሲቀረው! ጠበቃዬ ስድስቱን አስተርጉማ ይዛ ገባች። የኢንሹራንሱ ሰው ስለ ቧንቧው ሲያነብ አፉን በእጁ ሸፈነ። ስለ ውሻው ሲያነብ ጸሐፊዋ ሳቀች። እኔም ሳቄ መጣ፤ እፍረቱ እንዳለ ሆኖ።

ከዚያ ስድስተኛውን አነሣ። ለጭነት መኪና ሾፌር የተጻፈ ነው። «በእግረኛ መንገድ ላይ ቆሜ በመገኘቴና ለመኪናዎ መብራት መሰበር ምክንያት በመሆኔ ጥፋቱ የእኔ ነው። እግሬ ሁለት ቦታ ቢሰበርም እየተሻለኝ ነውና አይጨነቁ።» ከሥሩ የእርስዎ ፊርማ አለ። ቀኑን ሳየው እኔ ገና ፊደል አልቆጠርኩም ነበር።

ማንም አልሳቀም። ጋሼ፣ «ከእናቴ ማህፀን ይዤው የወጣሁት ነው» ይሉኝ አልነበረም? ደረጃ ሲወጡ እያረፉ፣ ዝናብ ሲመጣ እያቃሰቱ፣ እኔ እኮ ዕድሜዬን ሙሉ ሲወለዱ ነው እያልኩ ነው ያደግሁት! የእግረኛ መንገድ ላይ ቆመው! መብራቱ ተሰበረ ብለው ይቅርታ ጠየቁ!

ሰውዬው መነጽሩን አወለቀ። ለባለቤቲቱ የጻፉትን ደብዳቤ አጣጥፎ ወደ መሳቢያው መለሰው። «ይህን አንጠቀምበትም» አለ። በሦስተኛው ቀን ውሳኔው መጣ። እጄን ስላስገባሁ ሢሶው ተቀንሷል፤ ጠበቃዬም ከመጀመሪያው እንዲህ እንደሚሆን ነግራኛለች። በቀረው ቀዶ ጥገናው ይደረጋል። ሰኔ 2 ቀን ነው። ይታጠፋሉ ብሎ ሐኪሙ አልማለልኝም፤ ዕድል አላቸው ነው ያለኝ።

መከለያው ማሽኑ ላይ ተመልሷል። ባለቤቲቱ እንደ ድሮው ግንባሬን አትስመኝም፣ ግን ሰላም ትለኛለች።

ተቀይሜዎት ነበር፤ አሁንም ትንሽ ቀርቶኛል፣ አልዋሽዎትም። ግን አንድ ነገር ይንገሩኝ። ያኔ ስንት ዓመትዎ ነበር? ሾፌሩስ ምን አለዎት?

ቀለሜ

መነጽሩን ልኬዋለሁ። ያድርጉት።


ሰኔ 8 ቀን

ለልጄ ለቀለሜ፣

ይህ ሲደርስሽ ቀዶ ጥገናው አልፎ፣ ጣቶችሽ ቢያንስ ጠረጴዛ መምታት እንዲችሉ አምላክን ለምኛለሁ። ምን እንደሆነ አላውቅም፤ ልቤ ተሰቅሏል። በየትኛውም እጅሽ ይሁን፣ አንዲት ቃል ጻፊልኝ። መጥፎም ከሆነ ጭረት ነው እንዳትይኝ።

ለእናትሽ ሁሉንም አነበብኩላት፣ ከመስከረሙ ደብዳቤ ጀምሬ፣ ሳልዘል። ሁለት ቀን አላናገረችኝም። በሦስተኛው ቀን መጥታ «እንደገና አንብብልኝ» አለች።

የጠየቅሽኝን ልመልስልሽ። ሃያ ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። ሾፌሩ መልስ ጽፎልኛል፤ እሱንም አስቀምጬዋለሁ። «ይቅር ብዬሃለሁ» ይላል። ደስ ብሎኝ ለእትዬሽ ጮክ ብዬ አንብቤላት ነበር! ከማህፀን ነው ያልኩሽ፣ አድገሽ ስትጠይቂኝ እውነቱን መናገር ስላፈርኩ ነው። ባለፈው ሰሞን ጫጩቱን «አሁንስ ካሳ መጠየቅ አይቻልም?» ብዬ ጠየቅሁት። ዓመቱን ቆጠረ። ከዚያ ሻይ ጋበዘኝ።

መነጽሩን አድርጌዋለሁ። ሁሉ ነገር ቀርቦኛል፤ የራሴን ጽሕፈት ጭምር።

ትናንት አንድ ወዛደር ከጠረጴዛዬ ፊት መጣ። እግሩን በጨርቅ ጠቅልሎ በከዘራ ነው የሚሄደው። መጋዘን ውስጥ የተደረደረ ሳጥን ተንዶበታል። «ለአለቃዬ የይቅርታ ደብዳቤ ይጻፉልኝ፣ እንዳያባርረኝ» አለኝ። ወረቀት ዘረጋሁ፣ ብዕሬን አነሣሁ። አታምኚኝም፣ እጄ እኔን ሳይጠይቅ «ጥፋቱ» ብሎ ጽፎ አገኘሁት። ደነገጥኩ። ወዛደሩም ፊቴን አይቶ ደነገጠ።

ወረቀቱን ቀደድኩትና ሌላ አወጣሁ። «ሳጥኖቹን የደረደርካቸው አንተ ነህ?» አልኩት። አይደለሁም አለኝ። «ታዲያ የምን ይቅርታ ነው?» ብዬ ጮህኩበት፤ ምስኪኑ ሊነሣ ነበር፣ እጁን ይዤ አስቀመጥኩት።

«መቼ ነው የተናደብህ?» አልኩት።

ጣቶቹን እያጠፈ ቆጠረ። ሰባት ወሩ ነው። እዚህም ገደቡ አንድ ዓመት መሆኑን ጫጩቱ ነግሮኛል፤ አምስት ወር ይቀረዋል።

መጀመሪያ ቀኑን ጻፍኩለት።

አጎትሽ